ካሜራና ኃላፊነት፦ የፋይት ሐርላን የፊልም ሕይወት በናዚ አገዛዝና ከጦርነቱ በኋላ

መግቢያ

እ.ኤ.አ. ማርች 3 ቀን 1949 በሰሜን ጀርመን በምትገኘው የሐምቡርግ ከተማ ያልተለመደ የወንጀል ችሎት ተከፈተ። ተከሳሹ በገዛ እጁ ሰው አልገደለም፤ ሰው እንዲገደል የሚያዝዝ ወረቀትም አልፈረመም። ለፍርድ ያቀረበው አንድ ፊልም መሥራቱ ነበር። ክሱ ግን ከባድ ነበር፤ «በሰብአዊነት ላይ የተፈጸመ ወንጀል» ይላል። ተከሳሹ በናዚ አገዛዝ ዘመን ከነበሩት የጀርመን ፊልም ዳይሬክተሮች መካከል በዝና ቀዳሚውን ስፍራ ከያዙት አንዱ የሆነው ፋይት ሐርላን ሲሆን፣ ፊልሙ ደግሞ በ1940 ለሕዝብ የቀረበው «አይሁዳዊው ዙስ» ነው።

ይህ ጽሑፍ የሐርላንን የሙያ ጉዞ ከቲያትር መድረክ አንሥቶ እስከ ድኅረ ጦርነቱ የፍርድ ክርክር ድረስ ይዳስሳል። በዚህ ጉዞ ውስጥ ሁለት ጥያቄዎች ይነሣሉ። አንደኛው፣ የኪነ ጥበብ ባለሙያ ሥራው ለሚያስከትለው ጉዳት እስከ ምን ድረስ ይጠየቃል የሚል ነው። ሁለተኛው፣ ፍርድ ቤት ነጻ ያለውን ሰው ኅብረተሰቡ መውቀሱን ለመቀጠል መብት አለው ወይ የሚል ነው። በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር የተቀመጡ ናቸው።

ከመድረክ ወደ ካሜራ

ፋይት ሐርላን በ1899 በበርሊን ተወለደ። አባቱ ቫልተር ሐርላን ጸሐፌ ተውኔት ስለነበር ልጁ ያደገው በቲያትር ሰዎች መካከል ነው። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በትወና ሙያ ተሰማርቶ በበርሊን ታላላቅ መድረኮች ላይ ለዓመታት ሠራ። በ1922 ዶራ ጌርሶን የተባለች አይሁዳዊት ተዋናይትና ዘፋኝ አገባ፤ ትዳራቸው ግን ከሁለት ዓመት በላይ አልቆየም። ይህ አጭር ትዳር በኋላ ከተከሰተው ነገር አንጻር ሲታይ ከባድ ትርጉም ይይዛል። ጌርሶን ናዚዎች ሥልጣን ከያዙ በኋላ ወደ ሆላንድ የተሰደደች ሲሆን፣ በ1943 ከሁለተኛ ባለቤቷና ከሁለት ልጆቿ ጋር በአውሽቪትስ ተገደለች። በዚያን ጊዜ የቀድሞ ባለቤቷ በአገዛዙ ዘንድ በክብር ከሚታዩት የፊልም ሰዎች አንዱ ነበር።

በ1933 ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ የጀርመን ፊልም ኢንዱስትሪ ከሥሩ ተናጋ። ፍሪትዝ ላንግ፣ ማክስ ኦፉልስና ቢሊ ዋይልደርን የመሳሰሉ ባለሙያዎች አገር ጥለው ወጡ። በዚያው ዓመት የተቋቋመው የራይሽ ፊልም ምክር ቤት አባል ያልሆነ ሰው በሙያው መሥራት እንዳይችል ተደረገ፤ አይሁድም ከአባልነት ታገዱ። በ1934 የወጣው የፊልም ሕግ ደግሞ አንድ ፊልም ገና በጽሑፍ ደረጃ ሳለ በመንግሥት እንዲመረመር ፈቀደ። በ1936 የፕሮፓጋንዳ ሚኒስትሩ ዮዜፍ ጎብልስ የኪነ ጥበብ ሂስን ከልክሎ ጋዜጦች የሥራውን ይዘት ከመግለጽ እንዳያልፉ አዘዘ። መንግሥት ታላላቆቹን የፊልም ኩባንያዎች ቀስ በቀስ በእጁ አስገባ። በመሆኑም በአሥር ዓመት ጊዜ ውስጥ ጽሑፉን የሚያጸድቀው፣ ገንዘቡን የሚሰጠውና ስለ ፊልሙ ምን እንደሚባል የሚወስነው አንድ አካል ሆነ።

ባለሙያዎች ለቀው የወጡበት ክፍት ቦታ ለሌሎች የዕድገት በር ከፈተ። ሐርላን በዚህ በር ከገቡት አንዱ ነው። በ1933 ለናዚ ፓርቲ ጋዜጣ በሰጠው ቃለ መጠይቅ ለአዲሱ አገዛዝ ያለውን ድጋፍ ገለጸ፤ በ1935 ደግሞ የመጀመሪያ ፊልሙን ዳይሬክት አደረገ። ቀዳሚ ሥራዎቹ በፍጥነትና በአነስተኛ ወጪ የተሠሩ ቀላል ኮሜዲዎች ነበሩ። የአገዛዙን ትኩረት የሳበው በ1937 የሠራው «ገዥው» የተሰኘ ፊልም ነው። ፊልሙ የጌርሃርት ሐውፕትማንን ተውኔት መነሻ ያደረገ ይሁን እንጂ የታሪኩን ፍጻሜ ለውጦታል፤ አዛውንቱ የፋብሪካ ባለቤት የማይረቡ ወራሾቹን ትቶ ሀብቱን ለሕዝቡ፣ ማለትም ለመንግሥት፣ ያወርሳል። የአንድ መሪ ፈቃድ ከቤተሰብም ከሕግም በላይ ነው የሚለው መልእክት ጎብልስን አስደሰተ፤ ፊልሙም የዓመቱን ብሔራዊ የፊልም ሽልማት አገኘ።

«አይሁዳዊው ዙስ»፦ ፕሮፓጋንዳ በድራማ ልብስ

ዮሴፍ ዙስ ኦፐንሃይመር በታሪክ የነበረ ሰው ነው። በአሥራ ስምንተኛው ምእተ ዓመት የቩርተምበርግ መስፍን የካርል አሌክሳንደር የገንዘብ አማካሪ ነበር። መስፍኑ በ1737 በድንገት ሲሞት ተይዞ ለፍርድ ቀረበ፤ በ1738 በሽቱትጋርት በስቅላት ተቀጣ። ታሪኩን አይሁዳዊው ደራሲ ሊዮን ፎይኽትቫንገር በ1925 ባሳተመው ልቦለድ በሰፊው አስተዋውቆት ነበር፤ በ1934ም በእንግሊዝ አገር ለአይሁድ ርኅራኄ የሚያሳይ ፊልም ተሠርቶበታል። ጎብልስ ይህንኑ ታሪክ ገልብጦ ለመጠቀም ወሰነ። ሥራው በመጀመሪያ ለሌላ ዳይሬክተር ተሰጥቶ ነበር፤ በ1939 መጨረሻ ገደማ ግን ሐርላን ተተካ። ሐርላን የፊልሙን ጽሑፍ እንደገና ከማዘጋጀት ጀምሮ ቀረጻውን እስከ መምራት ድረስ ሠራበት።

በፊልሙ ውስጥ ዙስ ጢሙን ተላጭቶና የመኳንንት ልብስ ለብሶ ወደ ከተማ ሾልኮ የሚገባ ሰው ሆኖ ቀርቧል። መስፍኑን በገንዘብ ይይዘዋል፤ ሕዝቡን በቀረጥ ያስመርራል፤ በመጨረሻም ዶሮቴያ የተባለችን ወጣት ሴት በኃይል ይደፍራል። ሴቲቱ ራሷን ወንዝ ውስጥ ጥላ ትሞታለች። ሕዝቡ ይነሣል፣ ዙስ ይሰቀላል፣ አይሁድ ሁሉ ከግዛቱ እንዲወጡ ይታዘዛል። ዶሮቴያን ሆና የተወነችው ስዊድናዊቷ ክሪስቲና ሶደርባውም በ1939 ያገባት የሐርላን ሦስተኛ ሚስት ናት። ለምኩራቡ ትዕይንት የፕራግ አይሁድ እንደ አጃቢ ተዋንያን ሆነው እንዲቀርቡ ተደርገዋል። በወረራ ሥር የነበሩ ሰዎች በራሳቸው ላይ ለሚሰነዘር ጥላቻ ማስመሰያ ሆነው ማገልገላቸው ከፊልሙ አሠራር እጅግ አሳዛኙ ክፍል ነው።

ፊልሙን አደገኛ ያደረገው ስብከት አለመምሰሉ ነው። በዚያው ዓመት የተሠራው «ዘላለማዊው አይሁዳዊ» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ጥላቻውን በግልጽ ስለተናገረ ብዙ ተመልካች አላገኘም። «አይሁዳዊው ዙስ» ግን ፍቅር፣ ቅናት፣ የቤተ መንግሥት ሴራና በዝነኛ ተዋንያን የቀረበ ትወና ነበረው። ተመልካቹ ለመዝናናት ገብቶ የወጣቷን ሞት አዝኖ ይወጣል፤ ሐዘኑም በአንድ ሰው ላይ ሳይሆን በአንድ ሕዝብ ላይ ወደሚያርፍ ቁጣ ይለወጣል። በሴፕቴምበር 1940 በቬኒስ ፊልሙ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲታይ፣ በኋላ ታላቅ ዳይሬክተር የሆነው ወጣቱ ሐያሲ ሚኬላንጄሎ አንቶኒዮኒ ሳይቀር አወድሶ ጽፏል። የጥበቡ ብቃት የመልእክቱን ክፋት መሸፈን መቻሉን ከዚህ በላይ የሚያስረዳ ማስረጃ ማግኘት አስቸጋሪ ነው።

ፊልሙን ሃያ ሚሊዮን ያህል ሰዎች እንዳዩት ይገመታል። የኤስ ኤስ መሪ ሃይንሪኽ ሂምለር በሥሩ ያሉ የኤስ ኤስና የፖሊስ አባላት በሙሉ እንዲያዩት በሴፕቴምበር 30 ቀን 1940 አዘዘ። ጊዜውን ልብ ማለት ያሻል። በቀጣዩ ወር ከደቡብ ምዕራብ ጀርመን የባደን ግዛት አይሁድ በጅምላ ተጋዙ፤ በኖቬምበር የዋርሶ ጌቶ ተዘጋ፤ በ1941 በልግ ከመላ ጀርመን ወደ ምሥራቅ የሚደረገው ማጋዝ ተጀመረ። በፊልሙ መጨረሻ የሚሰማው «አይሁድ ከአገር ይውጡ» የሚል ትእዛዝ በተመልካቹ ዓይን ፊት በተግባር ይፈጸም ነበር።

የቀለም ፊልሞችና «ኮልበርግ»

ከዚህ በኋላ ሐርላን የአገዛዙ ተመራጭ ዳይሬክተር ሆነ። በ1942 ስለ ታላቁ ፍሬድሪክ «ታላቁ ንጉሥ» የተሰኘ ፊልም ሠራ፤ በ1943 የፕሮፌሰርነት ማዕረግ ተሰጠው። በዚያ ዘመን የቀለም ፊልም ብርቅና ውድ ነበር፤ ሐርላን ግን «ወርቃማዋ ከተማ»፣ «ኢመንዜ»፣ «የመሥዋዕት ጉዞ» እና «ኮልበርግ» የተሰኙ አራት የቀለም ፊልሞችን የመሥራት ዕድል አገኘ። ከእነዚህ አንዳንዶቹ በላያቸው ሲታዩ የፍቅር ታሪኮች ብቻ ናቸው። ሶደርባውም ከአንድ በላይ በሆኑ ፊልሞች ራሷን በውኃ ውስጥ የምትጥል ሴት ሆና ስለተወነች ሕዝቡ «የራይሹ የውኃ ሬሳ» የሚል የቀልድ ስም አውጥቶላት ነበር። ቀልዱ ግን አንድ እውነት ይዟል፤ በሐርላን ፊልሞች ውስጥ ሞት ውብና አስፈላጊ ሆኖ ይቀርባል፤ የግል ሕይወትም ለሌላ ከፍ ያለ ዓላማ መሥዋዕት ይሆናል።

ይህ አስተሳሰብ ጫፍ የደረሰው በ«ኮልበርግ» ነው። የጀርመን ጦር በስታሊንግራድ በተሸነፈ በአራተኛው ወር፣ በጁን 1943፣ ጎብልስ ሐርላንን በጽሑፍ አዘዘው። ፊልሙ በ1807 የኮልበርግ ነዋሪዎች የናፖሊዮንን ጦር እንዴት እንደተቋቋሙ እንዲያሳይና ሕዝብና ሠራዊት አንድ ከሆኑ ጠላት ሁሉ ይሸነፋል የሚል እምነት እንዲያሳድር ነበር የተፈለገው። ለሥራው ስምንት ሚሊዮን ራይሽማርክ ገደማ ወጣ። ሐርላን ከጦር ግንባር የተነሡ 187,000 ወታደሮች በአጃቢነት እንደተሰጡት በኋላ ጽፏል፤ ተመራማሪዎች ግን ቁጥሩን የተጋነነ አድርገው ያዩታል። ቁጥሩ ምንም ይሁን፣ ግንባሩ ሰው በሚፈልግበት ሰዓት ወታደሮች ለፊልም መመደባቸው አገዛዙ ለምስል የሰጠውን ክብደት ያሳያል።

«ኮልበርግ» በጃንዋሪ 30 ቀን 1945 በበርሊንና በተከበበችው የፈረንሳይ ወደብ በላ ሮሼል በአንድ ቀን ታየ። ቀኑ ሂትለር ሥልጣን የያዘበት አሥራ ሁለተኛ ዓመት ነበር። በዚያን ጊዜ ብዙ የጀርመን ሲኒማ ቤቶች በቦምብ ፈርሰው ስለነበር ፊልሙን ያየው ሰው ጥቂት ነው። እውነተኛዋ የኮልበርግ ከተማ ደግሞ ፊልሙ በታየ በሰባተኛው ሳምንት፣ በማርች 18፣ በሶቪየትና በፖላንድ ጦር እጅ ወደቀች።

ሁለት ችሎቶች፣ ሁለት የነጻነት ውሳኔዎች

ጦርነቱ ሲያበቃ ሐርላን የሚኖረው በእንግሊዝ ቁጥጥር ሥር በነበረችው ሐምቡርግ ነበር። በዲሴምበር 1947 ባለሥልጣናት ከናዚነት የማጥራት ሂደቱን አጠናቀው «ጥፋት የሌለበት» በሚለው ምድብ መደቡት። ውሳኔው ከናዚ ስደት በተረፉ ሰዎች ማኅበራት ዘንድ ታላቅ ቁጣ ቀሰቀሰ፤ በዚህም ሳቢያ ዐቃቤ ሕግ የድል አድራጊዎቹ መንግሥታት ባወጡት የቁጥጥር ምክር ቤት ሕግ ቁጥር 10 መሠረት ክስ መሠረተ።

የሐርላን መከራከሪያ ሁለት ምሰሶዎች ነበሩት። የመጀመሪያው፣ ፊልሙን የሠራው ተገድዶ ነው፤ ጎብልስን እምቢ ማለት ሕይወትን ለአደጋ መስጠት ነበር የሚል ነው። ሁለተኛው፣ እርሱ ጥላቻ የሌለበት የኪነ ጥበብ ሰው ነው፤ ፊልሙም ታሪካዊ ድራማ ነው የሚል ነው። ፍርድ ቤቱ በአፕሪል 1949 ነጻ አወጣው፤ ምክንያቱም በፊልሙና በአይሁድ ላይ በደረሰው ጥፋት መካከል የምክንያትና ውጤት ትስስር መኖሩ አልተረጋገጠም የሚል ነበር። በዚያው ዓመት ዲሴምበር የእንግሊዝ ክልል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይህን ውሳኔ ሽሮ ጉዳዩ እንደገና እንዲታይ መለሰው።

ሁለተኛው ችሎት በ1950 ተካሄደ። በችሎቱ ዙሪያ የነበረው ድባብ ብዙ ይናገራል፤ ስለ ፊልሙ ጽሑፍ አዘገጃጀት የመሰከረችው ካሬና ኒሆፍ በታዳሚዎች ጸረ-አይሁድ ስድብ ደርሶባታል። አውሽቪትስ ነጻ ከወጣ ገና አምስት ዓመቱ ነበር። በአፕሪል 29 ቀን 1950 የተሰጠው ውሳኔ ከመጀመሪያው በአንድ ነጥብ ይለያል። ፍርድ ቤቱ ፊልሙ የወንጀሉን መስፈርት እንደሚያሟላ ተቀበለ፤ ነገር ግን ዳይሬክተሩ በማይቋቋመው ግዳጅ ሥር ስለነበር አይቀጣም አለ። ችሎቱን የመራው ዳኛ ቫልተር ቲሮልፍ በናዚ ዘመን በሐምቡርግ ልዩ ፍርድ ቤት ዐቃቤ ሕግ ሆኖ የሠራ ሰው መሆኑ በውሳኔው ላይ ጥላ ጥሏል። ሌላውን ሰው በግዳጅ ምክንያት ነጻ የሚያደርግ ዳኛ፣ በተዘዋዋሪ መንገድ ስለ ራሱ ያለፈ ሕይወትም እየፈረደ ነበር ማለት ይቻላል።

ኤሪክ ሉትና የሕሊና ፍርድ

ሐርላን በሕግ ፊት ነጻ ሆነ፤ ወደ ሥራም ተመለሰ። አዲሱ ፊልሙ «የማትሞተው ፍቅረኛ» ሊታይ ሲል ግን የሐምቡርግ መንግሥት የፕሬስ ቢሮ ኃላፊ የነበረው ኤሪክ ሉት ተቃውሞውን አሰማ። ሉት በሴፕቴምበር 1950 በአንድ የፊልም ሳምንት መክፈቻ ላይ ባደረገው ንግግር፣ የሲኒማ ባለቤቶችና አከፋፋዮች የሐርላንን ፊልም እንዳይቀበሉ ጠየቀ፤ የፍርድ ቤቱ ውሳኔ በይዘቱ ለሐርላን ውግዘት መሆኑንም ገለጸ። በኋላም ሕዝቡ ፊልሙን እንዳያይ ጥሪውን አጠናከረ። የፊልሙ አዘጋጅና አከፋፋይ ኩባንያዎች ሉትን ከሰሱ፤ የሐምቡርግ ፍርድ ቤትም በ1951 የፍትሐ ብሔር ሕጉን አንቀጽ 826 ጠቅሶ፣ ጥሪው ከመልካም ጠባይ ጋር የሚቃረንና በሌላው ላይ ጉዳት የሚያደርስ ነው በማለት ከለከለው።

ክርክሩ ወደ አደባባይም ወጣ። በ1952 መጀመሪያ በፍራይቡርግና በገቲንገን የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች «ሐና አሞን» በተሰኘው የሐርላን ፊልም ላይ ሰልፍ ወጡ፤ በፍራይቡርግ ፖሊስ በኃይል በተናቸው። ሉት በበኩሉ ጉዳዩን ለፌደራል ሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት አቤት አለ።

ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን የሰጠው በጃንዋሪ 15 ቀን 1958 ነው። መሠረታዊ መብቶች በቅድሚያ ዜጋውን ከመንግሥት ለመከላከል የተሰጡ ቢሆኑም፣ በአንድነት ሲታዩ የእሴት ሥርዓት ስለሚመሠርቱ በሰዎች መካከል ያለውን የፍትሐ ብሔር ግንኙነት ጭምር ይገዛሉ ሲል ደነገገ። በመሆኑም ዳኞች «መልካም ጠባይ» የሚለውን ሰፊ ቃል ሲተረጉሙ የመናገር ነጻነትን የሚያረጋግጠውን የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 5 ማመዛዘን አለባቸው። ሉት የተናገረው ገንዘብ ለማግኘት ሳይሆን ሕዝቡን በሚመለከት ታላቅ ጉዳይ ላይ ነው፤ ስለዚህ ጥሪው ጥበቃ ይገባዋል። ይህ ፍርድ ዛሬም በጀርመን የሕግ ትምህርት ውስጥ ዋና ከሚባሉት ውሳኔዎች አንዱ ነው። አንድ የጥላቻ ፊልም ዳይሬክተር፣ ሳይፈልግ፣ ለመናገር ነጻነት ጠንካራ መሠረት የመጣል ምክንያት ሆነ።

ሌላ መንገድ ነበረን?

የሐርላንን «ተገድጄ ነው» የሚል መልስ ለመመዘን ከሌሎች ጋር ማስተያየት ይጠቅማል። ቮልፍጋንግ ሽታውተ በ«አይሁዳዊው ዙስ» ውስጥ አነስተኛ ሚና የተጫወተ ተዋናይ ነበር፤ እርሱም ንጹሕ አልነበረም። ነገር ግን ጦርነቱ ባበቃ በሁለተኛው ዓመት፣ በ1946፣ በበርሊን ፍርስራሽ መካከል «ነፍሰ ገዳዮቹ በመካከላችን ናቸው» የተሰኘውን ፊልም ሠራ። ፊልሙ ከጦርነቱ በኋላ የመጀመሪያው የጀርመን ታሪክ-ነክ ፊልም ሲሆን፣ በጦር ሜዳ ንጹሓንን አስገድሎ በሰላሙ ጊዜ የተከበረ ነጋዴ የሆነን መኮንን ያጋልጣል። ሁለቱ ሰዎች በአንድ ሥርዓት ውስጥ ሠርተዋል። ልዩነታቸው ጎልቶ የሚታየው ፍርሃቱ ካለፈ በኋላ በተናገሩት ነገር ነው፤ አንዱ ጥፋቱን ወደ ሥራው አስገባው፣ ሌላው ራሱን እንደ ተበዳይ አየ።

ሐርላን እስከ 1958 ድረስ ዘጠኝ ያህል ፊልሞችን ሠርቷል፤ የቀድሞውን ዝና ግን አላገኘም። በ1964 በኢጣሊያ ካፕሪ ደሴት ዐረፈ። ከሞተ በኋላ በ1966 የታተመው ትዝታው «በፊልሞቼ ጥላ ሥር» የሚል ርእስ ነበረው። አባቱ ያልመለሰውን ጥያቄ ልጁ ቶማስ ሐርላን ወሰደው፤ ደራሲና የፊልም ሰው የሆነው ቶማስ ወደ ፖላንድ ሄዶ የናዚ ወንጀለኞችን ሰነዶች በማሰስ ዓመታት አሳለፈ፣ የአባቱንም ጥፋት እስከ ዕድሜው ፍጻሜ ሲመረምር ኖረ።

ማጠቃለያ

የሐርላን ታሪክ ሁለቱን መነሻ ጥያቄዎች በተለያየ መንገድ ይመልሳል። የወንጀል ሕጉ በመጀመሪያው ጥያቄ ፊት ተቸገረ። አንድ ጥይት ከየትኛው ጠመንጃ እንደወጣ ማረጋገጥ ይቻላል፤ አንድ ትዕይንት በሃያ ሚሊዮን ልብ ውስጥ የዘራው ጥላቻ የትኛውን እጅ እንዳነሣ ግን በችሎት መለካት አይቻልም። ሆኖም መለካት አለመቻሉ ጉዳቱ የለም ማለት አይደለም፤ ሁለተኛው የሐምቡርግ ውሳኔ ራሱ ፊልሙ ወንጀል መሆኑን አምኗል። ለሁለተኛው ጥያቄ የሕገ መንግሥቱ ፍርድ ቤት የሰጠው መልስ ይበልጥ ግልጽ ነው፤ ነጻ የሚል ፍርድ ቅጣትን ያስቀራል እንጂ ትዝታን አይከለክልም፤ ዜጎችም ያስታወሱትን የመናገር መብት አላቸው።

«አይሁዳዊው ዙስ» ዛሬ አልተቃጠለም፤ በነጻም አይታይም። መብቱን የያዘው በቪስባደን የሚገኘው የፍሪድሪኽ ቪልሄልም ሙርናው ፋውንዴሽን ሲሆን፣ ፊልሙ ለሕዝብ የሚቀርበው አስቀድሞ ገለጻ፣ ኋላም ውይይት ሲኖር ብቻ ነው። በ1940 ተመልካቹ የተነፈገው ነገር ይኸው ነበር፤ ያየውን የሚጠይቅበት፣ ሌላ ሰውም የተለየ ነገር ሲናገር የሚሰማበት ዕድል።